«ሞላላ» የሚለው ቅጽልና አንድ የስብሰባ ጠረጴዛ፦ ከምሥራቅ ጎጃም የተመዘገበ የጉዳይ ጥናት

መነሻ

ይህ ጽሑፍ በምሥራቅ ጎጃም በምትገኝ አንዲት ከተማ በአንድ ማኅበር፣ በአንድ አናጢና በአንድ መስታወት ቆራጭ መካከል ተነሥቶ የነበረን አለመግባባት ይመዘግባል። ጠቡ የገንዘብ ቢመስልም ሥሩ «ሞላላ» የሚል አንድ ቅጽል ነበር። ሦስቱም ወገኖች ቃሉን ከልጅነታቸው ጀምሮ ያውቁታል፤ ስለዚህም ትርጉሙን ለመጠየቅ አንዳች ምክንያት አልታያቸውም። እኔ የቴክኒክ ሥዕል አስተማሪ ነኝ። ወደ ጉዳዩ የገባሁት ሁለት ሽማግሌዎች ከተመረጡ በኋላ «ቅርፅ የሚያውቅ ሰው ይጨመር» ተብሎ ነው። የባለጉዳዮቹን ስምም ሆነ የከተማዋን ስም አልጠቅስም፤ ጉዳዩ ተጽፎ እንዲቀመጥ ግን ሁሉም ፈቅደዋል።

ትዕዛዙ እንዴት እንደ ተሰጠ

ማኅበሩ 12 ሰው የሚያስቀምጥ የስብሰባ ጠረጴዛ ፈለገ። የማኅበሩ ጸሐፊ ለአናጢው በሰጠችው ወረቀት ላይ ስለ ቅርፁ የሰፈረው አንድ ዓረፍተ ነገር ብቻ ነው፦ «ርዝመቱ 3 ሜትር፣ ወርዱ 1.20 ሜትር የሆነ ሞላላ ጠረጴዛ፣ ከደረቀ ዋንዛ ተሠርቶ ላዩ በመስታወት የሚሸፈን።» ስለ እንጨቱ ድርቀት፣ ስለ ቫርኒሹና ስለ ማስረከቢያው ቀን ወረቀቱ በቂ ማብራሪያ ነበረው። ጸሐፊዋ ቀደም ሲል እርጥብ እንጨት ተሰጥቷት የተሰነጠቀ ቁም ሣጥን ስለ ገጠማት በዚያ በኩል ተጠንቅቃ ነበር። ሰው የሚጠነቀቀው ባለፈው በተጎዳበት በኩል ነውና ቅርፁ ያሳስባታል ብሎ መጠበቅም አይቻልም።

የመስታወቱ ሥራ ባሕር ዳር ላለ አንድ ወጣት ቆራጭ በስልክ ታዘዘ። ጸሐፊዋ ያንኑ ዓረፍተ ነገር ከወረቀቱ ላይ አነበበችለት፤ እሱም ጽፎ መልሶ አነበበላት፤ ቃል በቃል ተስማሙ። ሁለቱ ባለሙያዎች ግን እርስ በርሳቸው አልተነጋገሩም። ገበታውና መስታወቱ በአንድ ሳምንት ውስጥ ተሠርተው አለቁ።

ችግሩ

መስታወቱ በስፖንጅ ፍራሽ ተጠቅልሎ በአይሱዙ ደረሰ። አራት ሰው አንሥቶ በገበታው ላይ ሲያጋድመው መጀመሪያ ላይ ስሕተቱን ያየ የለም። በቁመት ሲለካ 3 ሜትሩ ከ3 ሜትሩ ገጠመ፤ መካከሉ ላይ በወርድ ሲለካም 1.20ው ከ1.20ው ገጠመ። ስሕተቱ የወጣው ሜትሩ ባላረፈበት ቦታ ነው። በአራቱም ትከሻ፣ ማለትም ረጅሙ ጎን ወደ ጫፉ መዞር በሚጀምርበት አካባቢ፣ እንጨቱ ከመስታወቱ ሥር ወጥቶ ይታያል።

አናጢው የሠሩት ሁለት ረጃጅም ጎኖቹ ቀጥ ያሉ፣ ሁለት ጫፎቹ ደግሞ ግማሽ ክብ የሆኑ ገበታ ነው። ቀጥተኛው ጎን 1.80 ሜትር ሲሆን የእያንዳንዱ ግማሽ ክብ ራዲየስ 60 ሴንቲ ሜትር ነው፤ ሲደመር 3 ሜትር ይመጣል። ወጣቱ የቆረጠው መስታወት ግን ከመካከሉ እስከ ጫፉ ድረስ ሳያቋርጥ የሚጎብጥ፣ አንዲት ጣት የምታህል ቀጥተኛ ጠርዝ እንኳ የሌለው፣ በሒሳብ ትምህርት ኤሊፕስ የሚባለው ቅርፅ ነው። ከገበታው መካከል ተነሥቶ በቁመቱ በኩል 90 ሴንቲ ሜትር ሲኬድ እንጨቱ ከመሐል መሥመሩ 60 ሴንቲ ሜትር ይሰፋል፤ መስታወቱ ግን 48 ብቻ ነው። ትንሽ ወደ ጫፉ አለፍ ሲባል ልዩነቱ በወርድ አቅጣጫ 16 ሴንቲ ሜትር ይደርሳል። በስፋት ሲሰላ እንጨቱ 3.29፣ መስታወቱ 2.83 ካሬ ሜትር ሆኖ ግማሽ ካሬ ሜትር የሚጠጋ እንጨት ሳይሸፈን ቀርቷል።

በዚያው ቀን በስልክ የተባባሉትን ኋላ በሽምግልናው ላይ ሁለቱም ደገሙት። ወጣቱ «ጋሼ፣ አንቱ የሠሩት እኮ ሞላላ ሳይሆን የሩጫ መም ነው» አላቸው። አናጢው ደግሞ «አንተ የቆረጥኸው የዓሣ ሆድ ነው፤ እኔ ሞላላ መሥራት ዛሬ አልጀመርሁም» ብለው መለሱለት። ሁለቱም አገላለጾች ከትዕዛዝ ወረቀቱ ይልቅ ቅርፁን በትክክል የሚናገሩ ነበሩ። የአትሌቲክስ መም ልክ እንደ አናጢው ገበታ በሁለት ቀጥተኛ ጎኖችና በሁለት ግማሽ ክቦች የተሠራ ነው፤ በደረጃው የተሠራ የ400 ሜትር መም ቀጥተኛ ጎኑ 84.39 ሜትር፣ የመታጠፊያው ራዲየስ 36.50 ሜትር ነው።

ነገሩን ያወሳሰበችው ግን ጸሐፊዋ ናት። «እኔ ያዘዝሁት ይህንንም ያንንም አይደለም» አለች። በሐሳቧ የነበረው ማዕዘኖቹ ሰውን እንዳይወጉ ለዘብ የተደረጉለት፣ በሌላው ግን አራት ማዕዘን የሆነ ጠረጴዛ ነው። ስለዚህ በአንድ ቃል የተጠሩ ሦስት ቅርፆች ፊታችን ነበሩ፤ ከሦስቱም የአንዱን ባለቤት «ቃሉን አጣምመሃል» ለማለት የሚያበቃ ነገር አላገኘሁም።

ቃሉ የሚለውና የማይለው

«ሞላላ» በዕለት ተዕለት አነጋገር በደንብ የሚያገለግል ቃል ነው። ሞላላ ፊት፣ ሞላላ ድንጋይ፣ ሞላላ ድንች ስንል ሰሚው አይቸገርም፤ ለዘብ ሲልም «ሞለል ያለ» እንላለን። በእነዚህ አነጋገሮች ውስጥ ቃሉ በእርግጠኝነት የሚናገረው አንደኛ ነገሩ ከወርዱ ይልቅ ቁመቱ እንደሚበልጥ ነው። ሁለተኛ ብልጫው ልከኛ መሆኑን ነው፤ ገመድ ወይም የባሕር ዛፍ አጠና ከወርዱ ይልቅ እጅግ ረጅም ቢሆንም ሞላላ የሚለው የለም። ስለ ማዕዘን ሲጠየቅ ግን ቃሉ ይወላውላል። ፊትና ድንጋይ ማዕዘን ስለሌላቸው ሞላላ የተባለ ነገር ሁሉ ማዕዘን የሌለው ይመስለናል፤ ነገር ግን ሞላላ ክፍል፣ ሞላላ ሣጥን የሚል ሰው አለ፤ ማዕዘን ያለው ነገር መሆኑን ማንም አይጠራጠርም። አንዳንድ ጠንቃቃ ጸሐፊ «ሞላላ ክብ» ወይም «ሞላላ አራት ማዕዘን» የሚለውም ይህ መወላወል ስለሚሰማው ይመስለኛል። ጸሐፊዋ ሁለተኛውን፣ ባለሙያዎቹ የመጀመሪያውን በልባቸው ይዘው ነበር።

ማዕዘን የለውም ብንል እንኳ ቃሉ ጠርዙ ከአንዱ ጫፍ ወደ ሌላው በምን መንገድ እንደሚሄድ አይነግረንም። ቀጥ ብሎ ሄዶ ኋላ ይታጠፋል? ወይስ ከመጀመሪያው ጀምሮ ይጎብጣል? ሁለቱ ጫፎች እኩል ናቸው? ወይስ እንደ ዶሮ እንቁላል አንዱ ወፍራም ሌላው ቀጭን ነው? ለሞላላ ምሳሌ ስጡ ሲባል አብዛኛው ሰው እንቁላል ይላል፤ የዶሮ እንቁላል ግን የሦስቱም ጠረጴዛዎች ምሳሌ አይሆንም፤ ሦስቱም ሁለት ጫፎቻቸው እኩል ናቸውና። በቤተ ክርስቲያናችን ጉልላት ላይ የሚሰካው የሰጎን እንቁላል ሁለቱ ጫፎቹ ይበልጥ ስለሚመሳሰሉ ለወጣቱ መስታወት የቀረበ ምሳሌ እሱ ነበር።

በዚህ ላይ ብዙዎች የማያስተውሉት አንድ ነገር አለ። አማርኛ ለጠፍጣፋው «ክብ»፣ ለኳስ መሰሉ «ድቡልቡል» ብሎ ይለያል፤ በሞላላ ግን ይህ መለያየት የለም። የጠረጴዛ ገበታውም፣ እንቁላሉም ሞላላ ናቸው። በኛ ጉዳይ ይህ ችግር አላመጣም፤ የሸክላ ሠሪ ትዕዛዝ ቢሆን ኖሮ ግን ያመጣ ነበር።

የተሞከሩት መንገዶች

ሽማግሌዎቹ መጀመሪያ መዝገበ ቃላት እንዲመጣ አደረጉ። ቃሉ ረዘም ያለ፣ ክብነቱ የተጓደለ በሚል መንፈስ ተፈትቶ ተገኘ፤ ሦስቱም ባለጉዳዮች ፍቺውን ሰምተው እያንዳንዳቸው «ይኸው!» አሉ። መዝገበ ቃላቱ አልተሳሳተም፤ ሥራው ሕዝቡ የሚናገረውን መመዝገብ ነው እንጂ ለመጋዝ ልክ መስጠት አይደለም። እኔ ግን ግማሽ ቀን ያጠፋንበት መሆኑን ዛሬም አልረሳውም።

ቀጥሎ ወጣቱ ቆራጭ «ኦቫል ብትሉኝ ኖሮ ይህ ሁሉ አይመጣም ነበር» የሚል ሐሳብ አቀረበ። ይህ በብዙ ቢሮዎች የሚያጋጥም እምነት ነው፤ የውጭ ቃል ሲሆን የተለካ ይመስላል። ኦቫል ግን ምንጩ በላቲን እንቁላል ማለት ሲሆን በሒሳብም አንድ የተወሰነ ፍቺ የለውም፤ የሩጫ መሙንም፣ የመስታወቱንም ቅርፅ ኦቫል ብሎ መጥራት ይቻላል። ፍቺው የተወሰነው ኤሊፕስ ነው፤ እሱን ደግሞ ከሦስቱ የሚያውቀው የመስታወት ቆራጩ ኮምፒዩተር ብቻ ነበር።

ሦስተኛው መንገድ ፈጥኖ ሠራ። ለሦስቱም አንዳንድ ወረቀት ሰጥቼ ጀርባ ለጀርባ ተቀምጠው ያሰቡትን ጠረጴዛ ያለ ንግግር እንዲሥሉ ጠየቅሁ። ከጥቂት ደቂቃ በኋላ ሦስቱን ወረቀቶች ጎን ለጎን ስናስቀምጣቸው ክርክሩ ቆመ ማለት ይቻላል። አናጢው የጸሐፊዋን ሥዕል አንሥተው ትኩር ብለው ካዩት በኋላ «ይህማ ተራ ጠረጴዛ ነው፤ ምነው ተራ ጠረጴዛ ባላችሁኝ» አሉ። ከዚያ በኋላ ስለ ትርጉም የተናገረ የለም፤ ስለ ኪሣራው ብቻ ሆነ።

መጠገን የተሞከረው በሁለት መንገድ ነው። እንጨቱን ከመስታወቱ ጋር እንዲስተካከል መቁረጥ ቀላል ይመስላል፤ ነገር ግን እግሮቹ የተተከሉት ከመካከሉ 1.20 ሜትር ላይ ሲሆን ውጫዊ ገጻቸው ከመሐል መሥመሩ 45 ሴንቲ ሜትር ይርቃል። መስታወቱ በዚያ ቦታ ላይ 36 ብቻ ስለሆነ ገበታው ቢቆረጥ እግሮቹ 9 ሴንቲ ሜትር ወደ ውጭ ወጥተው የተቀማጩን ጉልበት ይመቱ ነበር። ባዶ የቀሩትን አራት ትከሻዎች በተጨማሪ የመስታወት ቁራጭ መሙላትም ተሞከረ። ቁራጩ በሁለቱም ጫፉ እየሳሳ ሄዶ ወደ ምንም የሚያልቅ ስለሆነ የመጀመሪያው ገና ሲቆረጥ ጫፉ ተሰበረ፤ ሁለተኛው ተቆርጦ ደረሰ፤ በሚቀመጥበት ጊዜ ግን እሱም ተሰበረ። ሦስተኛውን ማንም አልጠየቀም።

ሁለት ምስማርና አንድ ሽቦ

በመጨረሻ የተወሰነው መስታወቱ እንዳለ ይቀመጥና አናጢው ለእሱ የሚሆን አዲስ ገበታ ይሥሩ የሚል ነው። አናጢው ተስማሙ፤ ሆኖም «የዓሣ ሆድ በምን ይለካል?» ብለው ጠየቁ። መስታወቱን በእንጨቱ ላይ አድርጎ በእርሳስ መክበብ ይቻል ነበር፤ ነገር ግን ባለሙያ ሰው የማያውቀውን ልክ መኮረጅ አይወድም፤ እሳቸውም አልወደዱም።

ክብ መሥራቱን ከማንም በላይ ያውቁታል። በወጣትነታቸው ክብ ቤተ ክርስቲያን ሲሠራ ከአባታቸው ጋር ገመድ የያዙ ሰው ናቸው፤ መሐሉ ላይ ችካል ይተከላል፣ ገመድ ይታሰራል፣ ገመዱ ተወጥሮ ሲዞር መሠረቱ ይሠመራል። ኤሊፕስ የሚፈልገው ከዚህ አንድ ችካል የበለጠ ብቻ ነው። በኮምፔንሳቶ ላይ 3 ሜትሩንና 1.20ውን በመስቀል አሠመርን። ከዚያ የቁመቱን እኩሌታ፣ ማለትም 1.50 ሜትር የሆነ ሽቦ ይዘን አንዱን ጫፍ በወርዱ መሥመር ዳር ላይ አደረግን፤ ሌላው ጫፍ ረጅሙን መሥመር በሁለቱም በኩል የሚነካበት ቦታ ላይ ምስማር መታን። ሁለቱ ምስማሮች ከመካከሉ 1 ሜትር ከ37.5 ሴንቲ ሜትር ያህል ይርቃሉ፤ ከየጫፋቸው ወደ ውስጥ 12.5 ሴንቲ ሜትር ገደማ ይሆናል ማለት ነው። ከዚያ በሁለቱ ምስማሮች መካከል 3 ሜትር የሆነ ክር ታስሮ በእርሳስ ተወጥሮ ሲዞር ጠርዙን ራሱ ይሥለዋል።

የመጀመሪያው ሙከራ አልተሳካም። ያሰርነው ሲባጎ ሲወጠር ስለሚለጠጥ የተነሣንበት ነጥብ ላይ ስንመለስ ሁለት ጣት ያህል ስተን ተገኘን። በቀጭን ሽቦ ተተክቶ ሲደገም ገጠመ። አናጢው ሦስተኛ ጊዜ ብቻቸውን ዞሩት፤ ከዚያ ምስማሮቹን አንድ በአንድ እየነቀሉ ወደ መሐል እያቀራረቡ ሞከሩ። «ሲቀራረቡ ወደ ክብ ይሄዳል፤ ሲራራቁ ይሞላላል» አሉ። እንዲህ ሲሉ ቅርፁን በቃል ሳይሆን በእጃቸው አግኝተውት ነበር፤ እኔ ለተማሪዎቼ በአንድ ክፍለ ጊዜ የማስተምረው ይህንኑ ነው፤ ሁልጊዜም አይገባቸውም።

ውጤቱ

የአዲሱን ዋንዛ ዋጋ ማኅበሩ ከፈለ፤ የእጅ ዋጋውን አናጢው ተዉት፤ የመጓጓዣውን ወጪ መስታወት ቆራጩ ሸፈነ። የመጀመሪያው ጠረጴዛ ለአናጢው ቀርቶ ለአንድ ምግብ ቤት ተሸጠ። በክፍፍሉ ሁሉም አልረኩም። ወጣቱ «የታዘዝሁትን ቆርጬ ለምን እከፍላለሁ?» የሚለውን እስከ መጨረሻው አልተወም፤ ክርክሩም ከባድ ነበር። ሽማግሌዎቹ «ባለሙያ አይጠይቅም ወይ?» ብለው ነው የያዙት። በእኔ አስተያየት ድርሻው የበዛው አናጢው ላይ ነው።

ጸሐፊዋ ካሰበችው ጠረጴዛ ጋር ሳትገናኝ ቀርታለች። አዲሱ ጠረጴዛ ያማረ ነው፤ ወደ ጫፎቹ ስለሚጠብ ግን 12 ሰው ሲቀመጥበት ከጫፎቹ አጠገብ ያሉት ክርን ለክርን ይነካካሉ። ይህን በየስብሰባው ትናገራለች፤ ትክክልም ናት።

ለሌላ ሥራ የሚተርፈው

ከጉዳዩ የወሰድሁት ዋና ነገር ስለ ቁጥር ነው። የትዕዛዝ ወረቀቱ ሁለት ቁጥሮች ስለነበሩት የተሟላ ይመስል ነበር፤ ሁለቱ ቁጥሮች ግን ሦስቱም ቅርፆች የሚጋሯቸው ነበሩ። የሚለያቸው ሦስተኛ ልክ ነው። ከመካከሉ 1.20 ሜትር ላይ ወርዱ ስንት ነው ተብሎ ቢጠየቅ ኖሮ የጸሐፊዋ 1.20 ሜትር፣ የአናጢው 1.04 ሜትር፣ የወጣቱ 72 ሴንቲ ሜትር ነው። አንድ ጥያቄ በቂ ነበር። ቃሉን ከመጻፍ መተው አያስፈልግም፤ ሞላላ ተብሎ ከጎኑ «ጎኖቹ ቀጥ ብለው ጫፎቹ ግማሽ ክብ የሆኑ» ወይም «ዙሪያውን የሚጎብጥ» የሚል ሐረግ ከሦስተኛ ልክ ጋር ቢጨመር ይበቃል። ልኩ በካርቶን ተቆርጦ ቢሰጥ ደግሞ ከሁሉም ይሻላል፤ ካርቶኑን አጥፎ ለባሕር ዳሩ ሰው መላክም ይቻል ነበር።

ቃሉ በክፍል ውስጥም ተመሳሳይ ስሕተት ሲያስከትል አይቻለሁ። የሥነ ፈለክ ሊቁ ኬፕለር በ1609 እንደ አውሮፓ አቆጣጠር ፕላኔቶች ፀሐይን የሚዞሩበት መንገድ ኤሊፕስ መሆኑን አሳትሟል፤ እኛ ይህን «ሞላላ ምሕዋር» ብለን እናስተምራለን። ተማሪው ሞላላ ሲሰማ እንቁላል ይሥላል፤ ከዚያም በጋና ክረምት የሚፈራረቁት ምድር ወደ ፀሐይ ስለምትቀርብና ስለምትርቅ ይመስለዋል። የምድር ምሕዋር ግን ረጅም ዲያሜትሩ 1 ሜትር አድርገን ብንሥለው አጭሩ ከዚያ የሚያንሰው በአንድ ሚሊ ሜትር ሰባተኛ ያህል ብቻ ነው፤ ከእርሳሱ ጫፍ ይቀጥናል። ፀሐይ ከመሐሉ ጥቂት ፈንጠር ማለቷ ባይነገር ኖሮ ተማሪው ክብ ብሎ ቢሥለው የሚያርመው አይኖርም። እዚህ ላይ የጎደለው የጠርዙ መንገድ ሳይሆን የሞላላነቱ መጠን ነው፤ ቃሉ እሱንም አይናገርም። ካለፈው ሴሚስተር ጀምሮ በዚህ ትምህርት ላይ ሁለቱን ምስማሮች ይዤ እገባለሁ፤ ለምድር ምሕዋር ሲሆን ምስማሮቹ ከመቀራረባቸው የተነሣ ክሩ ሲዞር ተማሪዎቹ ክብ እንደ ሠሩ ይምላሉ።

አናጢውን በቅርቡ ሥራ ቦታቸው ላይ አገኘኋቸው። እግሮቹ «ሾጣጣ» እንዲሆኑ የሚል የአልጋ ትዕዛዝ ደርሷቸው ነበር። ወረቀቱን ገልብጠው በጀርባው ላይ አንድ እግር ሥለዋል፤ ከላይኛው ጫፍ አጠገብ 8 ሴንቲ ሜትር ብለው ጽፈው የታችኛውን ባዶ ትተው ደንበኛቸውን እየጠበቁ ነበር።